ወደ በሩ የዞሩ ጫማዎች

«ሃያ ዓመት ሙሉ ረዳት? ዋና አሠልጣኝ ሳይሆን ነው የሞተው?»

ለቅሶ ልትደርስ የመጣችው ሙሉመቤት ያንሾካሾከች መስሏት ነው፤ ኩሽና ያለችው ውብዳር ግን ሰምታታለች። ካሊፎርኒያ፣ ሳን ሊያንድሮ ያለው አፓርታማ ውስጥ ለቅሶ ከተቀመጡ ሦስተኛ ቀናቸው ነው። ለቀስተኛው በፎይል የተሸፈነ ትሪ ይዞ ከነጫማው ይገባል። ለቅሶ ቤት ጫማ አያስወልቁ ነገር! ውብዳር ደግሞ ደክሟታል፤ ተዉ የምትልበት ዐቅም የላትም።

ዓይኗም ደርቋል። አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም፤ ባሏ ሂሮሺ ከመሞቱ ከሳምንት በፊት እሷም ይህንኑ በፊቱ ተናግራዋለች። «ሃያ ዓመት የሰው ኳስ ተሸከምክ! ምን አተረፍክ?»

እሱ በሩ ዘንድ ጎንበስ ብሎ ጫማዋን ወደ ውጭ አዞረላት፤ ጠዋት ሚልፒታስ ወደምትሠራበት ፋብሪካ ስትሄድ እግሯን ብቻ እንድትከት።

ከጃፓን፣ ከናጎያ ሲመጣ ዋና አሠልጣኝ ሊሆን ነበር። ሳን ሆዜ ያለ አንድ ኮሌጅ ረዳት አድርጎ ቀጠረውና እዚያው ቀረ። ከስምንት ዓመት በፊት አለቃው ሲለቅ የቅርጫት ኳስ ቡድኑን ለዘጠኝ ጨዋታ ሰጡት። ሰባቱን ተሸነፈ፤ ወደ ረዳትነቱ መለሱት።

ከሰዓት በኋላ ሰባት ረጃጅም ሰዎች መጡ። ማንም ሳያዛቸው ጫማቸውን በሩ ላይ አወለቁ።

«ያጽናዎት፣ እትዬ ውብዳር» አለ ሀምዛ የሚባለው፣ የሚጮኸውን ፔጀሩን እያጠፋ። «እኛ ያ የተሸነፈው ቲም ነን። ከየጌሙ በኋላ ሎከር ሩም ስንገባ የሁላችንም ጫማ ወደ በሩ ዞሮ እናገኘዋለን። ኮች ነው። ቀና ብላችሁ ውጡ ይለን ነበር። እኔም አሁን ሃይስኩል ኮች አደርጋለሁ፤ ልጆቼ ሲሸነፉ ጫማቸውን አዞርላቸዋለሁ።»

ሙሉመቤት አቀረቀረች።

«ምን አተረፍክ ብዬዋለሁ እኮ» አለች ውብዳር፤ እንባዋም ያኔ መጣ።

ስታበቃ ተነሥታ ወደ በሩ ሄደች። ተንበርክካ የሰባቱንም ጫማ አንድ በአንድ ወደ ውጭ አዞረች። ግድግዳው ሥር የሂሮሺ ስኒከር አለ። አምቡላንስ ባዶ እግሩን ስለወሰደው፣ ራሱ እንዳስቀመጠው ወደ ውጭ ዞሮ ቀርቷል። አቧራውን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችለት። ከዚያ እሱን ብቻ ወደ ቤት አዙራ አስቀመጠችው።