ሬሳ የሌለው ለቅሶ

መርጋ የእድሩን ድንኳን ዛሬም ተከለከለ። ከልካዩ ኤጄታ ነው፤ ፊት ለፊት የእድሩ ሰብሳቢ፣ በጓሮ ደግሞ የአምቦንና የጉደርን ወጣት በጅቡቲ አሳልፎ፣ ባሕር አሻግሮ ወደ የመንና ሳዑዲ የሚልክ ደላላ። የመርጋን ልጅ ሌንጮንም የላከው እሱ ነው።

«ሬሳ የለ፣ መቃብር የለ፣ ምን ብዬ ድንኳን ላውጣ?» አለ ኤጄታ። «በሕይወት ላለ ልጅ ማልቀስ ሟርት ነው፣ ኦቦ መርጋ። ሳዑዲ እስር ቤት ይሆናል፤ አንድ ቀን ይደውላል።»

ምላሱ ቅቤ ነው፣ ይርጋበትና። ልጁ መሞቱን ከማንም በላይ ያውቃል። አብሮት የተሳፈረው ነጋሳ ከሞት ተርፎ፣ አጥንቱ ብቻ ቀርቶ መጥቶ ሁሉንም ተናግሯል። ከጅቡቲው ወደብ ከኦቦክ የተነሳችው ጀልባ ከአቅሟ በላይ ጭና ማዕበል ሲያንገላታት፣ ባለጀልባዎቹ «ትቅለል» ብለው ዳር ዳር የተቀመጡትን እየገፉ ባሕር ከተቷቸው። ሌንጮ ዳር ነበር። ኤጄታ ግን «ነጋሳን ወባ እያስቀባጠረው ነው» ብሎ አስወራ። ምን ያድርግ? የሌንጮ ለቅሶ ከተቀመጠ፣ በሚቀጥለው ሳምንት ለሚነሳው ጉዞ የትኛው ወላጅ ልጁን ይሰጠዋል? የጎረቤታቸው የሂርጳ ልጅ ሃዋኒ ሻንጣ እንኳ ገዝታለች።

በመካከል የምትቃጠለው የሌንጮ እናት ደብሪቱ ናት። ብታለቅስ በልጇ ላይ ማሟረት ሆነባት፤ ነጠላዋን ዘቅዝቃ መልበስ እንኳ ፈራች። ስልኩን ከእጇ አታወርድም፤ በጮኸ ቁጥር ከተቀመጠችበት ትነሳለች። መርጋን ያነደደውም ይኸው ነው። ሞቱን ነጥቆ ተስፋ የሚሰጥ ሰው ከገዳይ ይከፋል።

መርጋ ባሕርን ያውቃል። በደርግ ጊዜ አሰብ ወደብ ላይ ኩሊ ነበር። እዚያ አንድ ጆንያ ማዳበሪያ ከክሬኑ መረብ ሾልኮ ባሕር ከገባ ወደቡ ይታመሳል፤ ካቦው ይጮኻል፣ የዕቃው ባለቤት ጠያቂ ይልካል። ጓደኛው ከበበው ከመርከብ መሰላል ወድቆ የሞተ ቀን ግን ምሳ ሰዓት ሳይደርስ በቦታው ሌላ ሰው ቆመ። ማንም አልጠየቀም። በሰማንያ ሦስት መንግሥት ሲወድቅ ወደቡን የያዙት ሰዎች መርጋንም ከነባልደረቦቹ እንደ ጉድፍ ጠርገው አስወጧቸው፤ ይዞ የወጣው ጆንያ የሚሸፈንበትን አሮጌ ሸራ ብቻ ነው። ከዚያ ወዲህ አምቦ ተቀምጦ የባኮን በቆሎ ከመኪና ሲያወርድ የኖረው፣ ልጁ ሸክም እንዳይሸከም ብሎ ነበር። ልጁ ራሱ ሸክም ሆነና ሲከብድ ተጣለ።

«ድንኳኑን ይብላው» አለ መርጋ። ያንኑ የአሰብ ሸራ አውጥቶ ግቢው ውስጥ ወጠረ፤ ስንዴና አተር አስቀቀለ። ጎረቤቱም እያመነታ፣ ግማሹ ኤጄታን እየፈራ መጣ።

አይጥ ለሞቷ የድመት አፍንጫ ታሸታለች እንዲሉ፣ ኤጄታም መጣ። ቢቀር እንደሚታማ ገብቶታል። ከሂርጳ አጠገብ ተቀመጠና «ለቅሶ ሳይሆን ጸሎት እንበለው፤ ልጁን እግዜር በሰላም ይመልሰው» ብሎ ከቀረበው ንፍሮ ዘገነ።

መርጋ ብድግ አለ።

«ኦቦ ኤጄታ፣ ሂን ኛቲን። አትብላ። በመካከላችን ደም አለ።»

ከሸራው ሥር ያለው ሰው ሁሉ ማኘኩን አቆመ። ይህ ቃል በአገሩ እንደ ዋዛ አይወረወርም። ደም የተቃቡ ሰዎች፣ ሽማግሌ የደም ካሳውን፣ ጉማውን፣ አስከፍሎ እስኪያስታርቃቸው ድረስ፣ ከአንድ ገበታ አይበሉም፣ አንድ ውሃ አይጠጡም። ደም እያለበት ከሟች ቤት የጎረሰ ሰው፣ እህሉ መቅሠፍት ሆኖ በልጆቹ ላይ ይወጣል ይባላል።

«እኔ ማንንም አልገደልኩም» አለ ኤጄታ፣ ሳቅ ለማለት እየሞከረ።

«እንግዲያው ጉረስ» አለ መርጋ። «አሰብ ላይ ጆንያ ሲወድቅ እንኳ ላኪው የት ገባ ብሎ ይጠይቃል። አንተ ልጄን ልከህ ጠየቅህ? ይኸው፣ ሌንጮ በሕይወት አለ ካልክ፣ እጅህ ንጹሕ ነው ካልክ፣ በልጆችህ ስም ጉረስና ሰው ሁሉ ይየው።»

ኤጄታ መዳፉን አየ። ቀና ሲል የሂርጳም ዓይን እዚያው መዳፍ ላይ ነበር። ንፍሮውን ቀስ ብሎ ወደ ሰሃኑ መለሰ፣ እጁን በሱሪው ጠረገና ተነስቶ ወጣ። የሸኘው አልነበረም።

«ሃዋኒ የትም አትሄድም» አለ ሂርጳ፣ ለማንም ሳይሆን ለራሱ።

ደብሪቱ ኤጄታ የወጣበትን በር ስታይ ቆየች። ከዚያ ስልኩን መሬት ላይ አስቀመጠች። ነጠላዋን አወለቀች፤ ዘቅዝቃ ለበሰችው።

«ሌንጮ ኮ፣ የኔ ሌንጮ» አለች፤ «ልጄ፣ ሞተሃል ለካ።»