አንቀጽ ዐሥራ አራት፦ የቅርብ ዘመድ

፩

«ልጁ፣ የትዳር ጓደኛው፣ ወንድሙ ወይም እኅቱ በዩኒቨርሲቲው ተቀጥሮ የሚሠራ ሰው የቦርድ አባል ሊሆን አይችልም።»

ይህን አንቀጽ ያረቀቁት ወይዘሮ እልፍነሽ ደምሴ ናቸው። የተከራከሩለትም ያስጸደቁትም እሳቸው ናቸው። ሲጸድቅ ከሁሉም አብልጠው ያጨበጨቡት ግን የዩኒቨርሲቲው ፕሬዚዳንት ዶክተር መኳንንት ነበሩ።

፪

ወይዘሮ እልፍነሽ ዕድሜያቸውን ሙሉ ዳኛ ነበሩ። ጡረታ ሲወጡ የወንዝማዶ ዩኒቨርሲቲ ቦርድ አባል ሆነው ተሾሙ። ቦርዱ አንዲት ሴትና አንድ የሕግ ሰው ጎድሎት ነበርና ሁለቱም በአንድ ወንበር ተሟሉ። ይናገራሉ ብሎ የጠበቀ አልነበረም።

ተናገሩ።

፫

አዲሱ ቤተ መጻሕፍት ሁለት ጊዜ ተመርቋል። ሁለት ጊዜ ሪባን ተቆርጧል፤ ሁለት ጊዜ ሰንጋ ታርዷል። ለተማሪ ግን አንድም ቀን አልተከፈተም። ተማሪዎቹ የሚያጠኑት ውጭ፣ ደረጃው ላይ ተቀምጠው ነው።

ወይዘሮ እልፍነሽ በየስብሰባው «ለምን አልተከፈተም?» ይላሉ።

ዶክተር መኳንንት በየስብሰባው «በሂደት ላይ ነው» ይላሉ።

በመጨረሻ ሴትዮዋ ጉዳዩ በገለልተኛ ኦዲተር እንዲጣራ ለሚቀጥለው ስብሰባ አጀንዳ አስያዙ።

፬

መመሪያ፦ አንድን የቦርድ አባል ማሰናበት ከፈለግህ።

አትቆጣ። ስም ማጥፋትም ይቅርብህ፤ አድካሚ ነው። ደንቡን አንብብ። ከዚያ ሰውየው ሥራ ያጣ ልጅ እንዳለው አጠያይቅ።

ካለው፣ ቸርነትህን አሳይ።

ቅጠረው።

፭

የወይዘሮ እልፍነሽ አንድ ልጅ ሱራፌል በውኃ ምሕንድስና ከተመረቀ አራተኛ ዓመቱን ይዟል። በከተማዋ መሐንዲስ የሚቀጥረው ዩኒቨርሲቲው ብቻ ነው። እናቱ ደግሞ «እኔ ቦርድ ላይ እያለሁ እዚያ አታመለክትም» ብለውታል። አላመለከተም። የጎረቤት ልጆችን ሒሳብ እያስጠና ኖረ።

ሰኞ ዕለት ስልክ ተደወለለት። ያላመለከተበትን ፈተና አልፏል።

፮

እናት፦ ምን ሥራ ነው አሉህ?

ልጅ፦ የውኃ አቅርቦት መሐንዲስ። እስከ ሐሙስ ጠዋት መጥተህ ፈርም ብለውኛል።

እናት፦ ሐሙስ ጠዋት ስብሰባ አለን።

ልጅ፦ አውቃለሁ።

እናት፦ ለምን እንደፈለጉህስ?

ልጅ፦ እሱንም አውቃለሁ፣ እማዬ። የግቢው የውኃ ታንከር ግን የምር ያፈሳል። እኔ ደግሞ የምር ልጠግነው እችላለሁ። ስንት ሰው ላይ ፈርደሻል። ሁሉም የሠራው ጥፋት ነበረው። እኔ ምን አጠፋሁ?

እናት፦ ምንም።

ልጅ፦ እና?

እናት፦ ፈርምም አትፈርምም አልልህም። ምን እንዳደረግህም አልጠይቅህም።

(እዚህ ላይ ተራኪው እናቲቱ አንድ ነገር እንዲጨምሩ ጠብቆ ነበር። ተነሥተው መብራት አጠፉ።)

፯

ሐሙስ ጠዋት የቦርዱ ሰብሳቢ አቶ ልሳኑ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ወይዘሮ እልፍነሽ፣ ቅር አይበልዎትና፣ ልጅዎ የዩኒቨርሲቲያችን ሠራተኛ ሆኗል ይባላል።»

«ፈርሟል?»

«እርስዎ አያውቁም?»

«አልጠየቅሁትም።»

ዶክተር መኳንንት ፈገግ አሉ። «እናቱ አይደሉም እንዴ?»

«ነኝ። ካልፈረመ ግን ሠራተኛ አይደለም።»

ሰብሳቢው ጸሐፊውን ወደ ሰው ኃይል ቢሮ ላኩት። ቢሮው ከግቢው ወዲያኛው ጫፍ ነው። ስልክ መደወል አልተቻለም፤ መስመሩ በሂደት ላይ ነው።

፰

«እሱ እስኪመለስ አባል ነኝ» አሉ ወይዘሮ እልፍነሽ። «ወደ ኦዲቱ አጀንዳ እንለፍ።»

ዶክተር መኳንንት እንጠብቅ አሉ። ሰብሳቢው ደንቡን ገለበጡ፤ «ጠብቁ» የሚል አጡበት። ድምፅ እንዲሰጥ ተገደዱ።

በመጀመሪያ የእርሻ ቢሮው ተወካይ፣ በሁለቱም ምረቃዎች ጥሬ ሥጋውን በደንብ የቆረጠ ሰው፣ እጁን አወጣ። «ልጄ እዚያ ደረጃ ላይ እየተቀመጠች ነው የምታጠናው» አለ፣ ማንንም ሳያይ። «ክረምት እየመጣ ነው።»

ሌላ እጅ ተከተለ። ከዚያም ሌላ።

ኦዲቱ በአብላጫ ድምፅ ጸደቀ። ዶክተር መኳንንት ውኃ ጠየቁ። ውኃ አልነበረም።

፱

የጸሐፊው ኮቴ ከኮሪደሩ ተሰማ።

ወይዘሮ እልፍነሽ ከዚህ ወንበር ከተነሡ ኦዲቱን የሚከታተል እንደማይኖር ያውቃሉ። ልጃቸው ባይፈርም ነው የሚበጀው። ይህን ሌሊቱን ሙሉ ሲያሰሉት አድረዋል። ኮቴው ሲቀርብ ግን ልባቸው ሳያማክራቸው ሌላ ነገር ተመኘ።

ምነው በፈረመ።

ጸሐፊው ላብ በላብ ሆኖ ገባና ወደ ሰብሳቢው ጆሮ ጎንበስ አለ።

«ለሁላችንም ንገረን» አሉት ወይዘሮ እልፍነሽ። እጃቸውን ጠረጴዛው ሥር ደብቀዋል።

«አቶ ሱራፌል በጠዋት መጥቶ ነበር» አለ ጸሐፊው። «የቅጥር ደብዳቤውን ቆሞ ሁለቴ አነበበው። እስክሪብቶ ለምኖ ተቀበለ። ከዚያ…»

፲

(ተራኪውም አልጠየቀም።)