የዘሊካ ማሽላና የዓለሙ አዋጅ

የግራዝማች ገብረሥላሴ በቅሎ ዓርብ ማታ ጠፋች፤ ቅዳሜ ጧት የሦስት ዋርካ ሰው ሁሉ ታጎረ። ሦስት ዋርካ ከከሚሴ የአንድ ሰዓት መንገድ ርቃ፣ የጨፋ ሜዳ ከሚጀምርበት ጉብታ ላይ የተቀመጠች መንደር ናት። የድሃ በሬ ሲጠፋ ድሃው በሬውን ይፈልጋል። ግራዝማች ግን የምክትል ወረዳ ገዥ ናቸውና በቅሏቸው ስትጠፋ የተፈለገው አገሩ ነው።

«ዳማ በቅሎ!» እያለ ጮኸ አዋጅ ነጋሪው። «ግንባሯ ቦራ! ግራ ጆሮዋ ከጫፉ የተሰነጠቀ! አባወራ ሁሉ ለአፈርሳታ ውጣ! የቀረ ሌባው እሱ ነው!»

አፈርሳታ ብሎ የሚጠራው መንግሥት ነው፤ መንደሩ አውጫጭኝ ይለዋል። ስሙ ሁለት ይሁን እንጂ አጥሩ አንድ ነው። ሕዝቡ በእሾህ አጥር ውስጥ ይገባል፤ እያንዳንዱ እየተነሣ ያየውንና የሰማውን በመሐላ ይናገራል፤ ሌባው እስኪወጣ ድረስ ማንም አይወጣም። ቀን ፀሐይ፣ ሌሊት ብርድ፣ ስንቅ በአጥር ላይ። አባቶች የሠሩት ሥርዓት ነው ይባላል። አባቶች ሲሠሩት የማን ማሽላ ደርሶ እንደነበር ግን የሚያስታውስ የለም።

የዘሊካ ማሽላ ደርሶ ነበር።

ዘሊካ እንድሪስ ባሏ ከሞተ ሦስት ዓመት የሆናት፣ አንዲት ልጇን ለሰንበቴ ከተማ ሰው የዳረች፣ ብቻዋን የምታርስና የምታሳርስ ሴት ናት። በግብር መዝገብ ላይ አባወራ ናት፤ በአውጫጭኝም አባወራ ናት፤ ከዚያ ውጭ ባለው ነገር ሁሉ ሴት ናት። የሌሎቹን አባወራዎች ማሳ ሚስቶቻቸው ማማ ላይ ወጥተው በወንጭፍ ይጠብቁላቸዋል። ዘሊካ ሚስት የላትም።

ከሁሉ የከፋው ማሳዋ ከአጥሩ ውስጥ ቁልጭ ብሎ መታየቱ ነው። ከጉብታው ግርጌ ቀይ ማሽላዋ ራሱን ደፍቶ ቆሟል፤ ማማው ባዶውን ነው። ጧት ፀሐይ ሞቅ ሲል የግሪሳ ወፉ መንጋ ከቦርከና ወንዝ ዳር እንደ አቧራ ይነሣና ይጠማዘዝ፣ ይጠማዘዝና እሷ ማሳ ላይ ዝርግፍ ይላል።

«ይኸው አረፈ!» አለች ቅዳሜ። «ይኸው ደግሞ አረፈ!» አለች እሑድ። ሰኞ ዝም አለች።

«አብሽሪ ዘሊካ፤ አትመልከችው» አላት ቃሲም። ቃሲም ጥርሱ ያለቀ፣ ምላሱ ግን ያላለቀ ጎረቤቷ ነው። «ብታይውም ይበላል፣ ባታይውም ይበላል።»

«ካላየሁትማ ማን ያይልኛል፣ አያ ቃሲም?»

«ማል ጎና!» አለ፤ ምን እናድርግ ማለቱ ነው። «በቅሎዋ ሲከፋት ሄደች። እኛ ሲከፋን መሄጃውም የለን።»

በእነዚያ ሦስት ቀናት ዘሊካ ሦስት ጊዜ ማለች። መሐላው ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነው፤ «በቅሎዋን አላየሁም፤ ያየሁ እንደሆነ ግን ባየሁበት ሰዓት፣ ባየሁበት ቦታ እናገራለሁ፤ ብደብቅ አላህ ዓይኔን ያጥፋው።» ዓይኗ ለማሽላው ስለሚያስፈልጋት ከልቧ ነበር የማለችው።

ሰኞ ከቀትር በኋላ ግራዝማች ራሳቸው መጡ። ከኋላቸው ጸሐፊያቸው ፈቃደ አንገቱን ደፍቶ ደብዳቤ ይዞ ይከተላል። ፈቃደ ጽሕፈቱ ያማረ፣ ከሰው ፊት ሲቆም ግን ድምፁ የሚጠፋበት ሰው ነው። ሕዝቡ ሌባው ተገኘ ብሎ ተነሣ።

«ስሙ!» አሉ ግራዝማች ገብረሥላሴ። «የዓለም መንግሥታት ተሰብስበው የሰውን ልጅ መብት ካወጁ የፊታችን ረቡዕ፣ ታኅሣሥ አንድ ቀን ዐሥር ዓመት ይሞላል። መንግሥታችንም ተቀብሎታል። አዋጁ ብዙ ሕዝብ በተሰበሰበበት በሙሉ ይነበብ ተብሎ ታዟል። ከደሴ ተቆጣጣሪ ይመጣል። ስለዚህ እስከ ረቡዕ እዚሁ ትቆያላችሁ።»

«የበቅሎዋስ ነገር፣ ጌታዬ?» አለ አንዱ።

«በመጣራት ላይ ነው።»

ግራዝማች ፊታቸው በርቶ ነበር። በመኸር ወራት ሕዝብ ሰብስብ ሲባል ዐሥር ጭቃ ሹም ይደክማል፤ የሚመጣውም ሥራ ፈትና በሽተኛ ነው። አሁን ሁለት መቶ ዐሥራ አራት አባወራ፣ ተቆጥሮና ታጥሮ፣ እጃቸው ላይ አለ።

እሳቸው ሲሄዱ ቃሲም ጸሐፊውን በአጥሩ ቀዳዳ ጠራው። «አንተ ፈቃደ፣ ይህ መብት የምትሉት ምንድር ነው?»

«ሰው ሁሉ ሲወለድ አብሮት የሚወለድ ነገር ነው፣ አባባ።»

«ለእኔም ተወልዶልኝ ነበር?»

«አዎን።»

«እንግዲያማ የጠፋችው በቅሎ ብቻ አይደለችም! ለእሱስ አውጫጭኝ አይታወጅለትም?»

ሰው ሳቀ። ፈቃደ ግን ቀልቶ ሄደ። ዘሊካ አልሳቀችም፤ እስከ ረቡዕ ስንት ጊዜ ግሪሳው እንደሚያርፍ እያሰበች ነበር።

ረቡዕ አጥሩ ደጃፍ ላይ ሰንደቅ ዓላማ ተተከለ። ሁለት ወንበር ተዘረጋ። ተቆጣጣሪው አቶ ምንዳዬ በጥቁር ካፖርት መጣ፤ እሾሁንም አይቶ «አጥሩ ለምንድር ነው?» ሲል ጠየቀ።

«ለከብት ነው ጌታዬ» አሉ ግራዝማች። «ከብት እየገባ ሕዝቡን እንዳያውክብን።»

አቶ ምንዳዬ ጉሮሮውን ጠርጎ ንግግር አደረገ። «የዓለም ሕግ እንደ ወንዝ ከላይ ወደ ታች ይወርዳል። በመጀመሪያ ወደ ሕገ መንግሥታችን ይገባል። ከዚያ አምና ሥራ ላይ ወደ ዋለው ወደ አዲሱ የወንጀለኛ መቅጫ ሕጋችን ይፈስሳል። ከዚያም እናንተ ዘንድ ይደርሳል።»

ዘሊካ የወንዝን ነገር ታውቃለች። ማሳዋ የቦዩ መጨረሻ ላይ ነው። የላይኞቹ ሁሉ አጠጥተው ሲጠግቡ እሷ ዘንድ የሚደርሰው ጭቃና እንቁራሪት ነው።

ፈቃደ ማንበብ ጀመረ። ሰው ሁሉ ሲወለድ ነጻና በክብሩ እኩል መሆኑን አነበበ።

«ከግራዝማችም ጋራ?» አለ ቃሲም በሹክሹክታ።

«ሲወለዱ ነው የሚለው» አለ አጠገቡ ያለው።

«አዎ፣ ኋላ ነው የተበላሸው።»

ፈቃደ እያነበበ ዘጠነኛው አንቀጽ ላይ ሲደርስ ሳል ያዘው፤ ድምፁም ወደ ሆዱ ገባ።

«ጮክ በል እንጂ!» አለ አቶ ምንዳዬ። «ሕዝቡ ይስማ!»

ፈቃደም ጮክ ብሎ፣ ማንም ሰው እንዲያው በዘፈቀደ ሊያዝም ሊታሰርም እንደማይገባው አነበበ። ሁለት መቶ ዐሥራ አራት ራስ ቀስ ብሎ ወደ እሾሁ ዞረ።

በዚያው ሰዓት ወይዘሮ የሺ ደረሱ። ግራዝማች ሚስታቸውን «ዛሬ ቤት ዋይ» ብለዋቸው ነበር። ነገር ግን የገዥ ሚስት የደሴ እንግዳ መጥቶ ቤት አትውልም፤ በእግሯም አትመጣም። ወይዘሮዋ ዣንጥላቸውን ዘርግተው፣ ከበቅሎ ላይ ኮራ ብለው፣ እስከ ሰንደቅ ዓላማው ድረስ ገቡ።

በቅሎዋ ዳማ ናት። ግንባሯ ቦራ ነው። ግራ ጆሮዋ ከጫፉ ተሰንጥቋል።

ሕዝቡ የበቅሎዋን ምልክት አምስት ቀን ሙሉ ሲሰማው ስለሰነበተ እንደ ፋቲሐ በቃሉ ይዞታል። ነገር ግን ገዥ የደበቀውን ማየት ራሱን የቻለ ወንጀል ነውና ሰው ሁሉ ዓይኑን ወደ መሬት ጣለ። ዘሊካ ብቻ ወደ ማሳዋ ተመለከተች። ግሪሳው ተጠማዘዘና አረፈ።

ተነሣች። «ቃል አለኝ» አለች።

«ዛሬ በዓል ነው፤ ቃል የለም። ተቀመጪ!» አሉ ግራዝማች።

«መሐላዬ በዓል አያውቅም ጌታዬ። ባየሁ ሰዓት እናገራለሁ ብዬ ሦስት ጊዜ ምያለሁ። አሁን አየሁ።»

«ምን አየሽ?» አለ ተቆጣጣሪው።

«የጠፋችውን በቅሎ።»

«የት?»

«ከእሜቴ ሥር።»

መጀመሪያ አንድ ሰው አሳለው። ቀጥሎ ቃሲም ብድግ አለ። «ወላሂ እኔም አየሁ!» ከወዲያ ጥግ «እኔም!» ከወዲህ ጥግ «እኔም አየሁ!» አጥሩ ሙሉ ሰው ተነሥቶ መሰከረ። አውጫጭኝ ከተጀመረ ጀምሮ እንዲህ ያለ ቃሉ የገጠመ ምስክር ተገኝቶ አያውቅም።

«ምን ሆነዋል እነዚህ?» አሉ ወይዘሮ የሺ ከላይ ሆነው። «በቅሎ አይተው አያውቁም?»

«በቅሎዋ መቼ ተገኘች?» ሲል አቶ ምንዳዬ ጸሐፊውን ጠየቀ።

ፈቃደ ሰውን መዋሸት ያፍር ነበር፤ መዝገብን መዋሸት ግን ጨርሶ አይችልም። «ሰኞ ጧት ጌታዬ። ሰንበቴ፣ ከተገዛችበት ገበያ፣ በገዛ እግሯ ሄዳ ተገኘች። በመዝገብ ገብታለች።»

«ታዲያ ይህ ሁሉ ሕዝብ ከሰኞ ጀምሮ እዚህ ምን ያደርጋል?»

ግራዝማች አላመነቱም። «ለመብቱ ነው ጌታዬ! ለቅቄው ቢሆን ኖሮ ዛሬ መብቱን ማን ይሰማለት ነበር?»

አቶ ምንዳዬ አሰበ። መልሱ ከሕግ አንጻር ልክ አልነበረም። ትናንት በዋለበት ወረዳ አዋጁን ሊሰማ የመጣው ሕዝብ ግን ከነዘበኛው ዐሥራ አንድ ሰው ነበር። ሕዝቡን ተመለከተ፤ ደብዳቤውን ተመለከተ።

«በሙሉ ይነበብ ይላል» አለ በመጨረሻ። «ቀጥል።»

ፈቃደ ቀጠለ። ዘሊካ አልተቀመጠችም። ዐሥረኛው አለፈ፤ ዐሥራ አንደኛው አለፈ፤ ዐሥራ ሁለተኛው አለፈ። ዐሥራ ሦስተኛው፣ ሰው በገዛ አገሩ ውስጥ ከአንዱ ቦታ ወደ ሌላው ቦታ የመሄድ መብት አለው የሚል ነበር።

«እሱን ድገምልኝ» አለች ዘሊካ።

ፈቃደ ተቆጣጣሪውን አየና ደገመው።

«በገዛ አገሩ ነው ያልኸው?»

«በገዛ አገሩ።»

«ማሳዬ በገዛ አገሬ ነው። ያውላችሁ፣ ይታያል።»

ነጠላዋን አጣፋች፤ «ቢስሚላህ» ብላ ወደ በሩ ሄደች። በረኛው ወታደር ግራዝማችን አየ። ግራዝማች ተቆጣጣሪውን አዩ። ተቆጣጣሪው ወረቀቱን አየ። ወረቀቱ ማንንም አላየም። ዘሊካ ወጣች፤ ከጉብታው ላይ ቁልቁል «ሃይ! ሃይ!» እያለች ሮጠች። ቃሲም ምርኩዙን አንሥቶ ተከተላት። ከዚያ ወዲያ በሩ ስለጠበበ ሰው አጥሩን ከሦስት ቦታ ጥሶ ወጣ።

ፈቃደ ግን በሙሉ ይነበብ ተብሏልና አላቋረጠም። ሠላሳኛውን አንቀጽ የሰሙት ግራዝማች፣ ወይዘሮ የሺ፣ አቶ ምንዳዬና በቅሎዋ ናቸው። ከአራቱ ጆሮዋን አቁማ የሰማችው በቅሎዋ ነበረች።

ዘሊካ ስትደርስ የማሳዋ አጋማሽ ባዶ አገዳ ሆኗል። የቀረውን አጋማሽ ሌት ከቀን ቆማ አጨደችው፤ የዚያን ዓመት ክረምት ከልጇ ቤት እህል ተበድራ ወጣችው። የግራዝማች ሪፖርት ግን «ሕዝቡ ከደስታው ብዛት የተነሣ በንባቡ መካከል እየሮጠ ወደየልማቱ ተሰማራ» የሚል ስለነበር ከበላይ ምስጋና ተጻፈላቸው።

ወንዙም ወረደ። በዓመቱ፣ ማሽላ እንደገና ሲደርስ፣ አዲስ ትእዛዝ መጣ። የአምናው ነገር ከበላይ ተሰምቶ ነበርና ከእንግዲህ ማንም ሰው ተገድዶ መብቱን እንዳይሰማ ተከለከለ። ይህም መፈጸሙ እንዲታወቅ፣ እያንዳንዱ አባወራ ሳይገደድ በፈቃዱ መምጣቱን በአውራ ጣቱ እንዲፈርም፣ ያልፈረመም ስሙ ተመዝግቦ እንዲላክ ታዘዘ።

«ሳልገደድ መጣሁ ብዬ እንድፈርም ነው የምትገድደኝ?» አለ ቃሲም።

«አዎን፣ አባባ» አለ ፈቃደ አንገቱን ደፍቶ።

«ደግ ነው፣ መሻሻል ነው። አምና ሳትጠይቁን ነው የታጎርነው።» ጣቱን ቀለም ነክሮ ፈረመ።

ፈቃደ ዘሊካን ያገኛት ማሳዋ ውስጥ ነው። ማማው ላይ ወጥታ ወንጭፏን ይዛ ተቀምጣለች። ቀና ብሎ ሁሉን ነገራት።

«አልወርድም» አለች። «እነዚያ ሕጉን ያወጡት ሰዎች ማሽላ አይዘሩም ወይ? ሁልጊዜ ማሽላ ሲደርስ ነው እንዴ የሚያነቡት?»

«ቀኑን የቆረጥሁት እኔ አይደለሁም፣ እትዬ ዘሊካ። ካልፈረሙ ስምዎን መላክ ይኖርብኛል።»

«ስሜን ከምትልክ ሕጉን አምጣው። አምና እኔ ሄድሁለት፤ ዘንድሮ ፈቅዶ እሱ ይምጣ። እዚያው ቆመህ አንብብልኝና ወርጄ እፈርማለሁ።»

ፈቃደ ግራ ቀኙን አየ። ከማሽላው በቀር የሚሰማው የለም። ወረቀቱን ዘርግቶ እንደ ልማዱ ለራሱ ያህል ማንበብ ጀመረ።

«አይሰማም!» አለች ከላይ።

ትንሽ ከፍ አደረገው።

«ኧረ አይሰማም! ለሰው ነው የምታነበው ወይስ ለጉንዳን?»

ፈቃደ ዓይኑን ጨፈነና በዕድሜው ጮኾ በማያውቀው ድምፅ «ሰው ሁሉ ሲወለድ ነጻ ነው!» ብሎ ጮኸ። ከማሽላው መካከል ግሪሳው ብርርር ብሎ ተነሣ፤ ሰማዩ ለአፍታ ጠቆረ፤ ተጠማዘዘ፣ ተጠማዘዘና ወደ ቦርከና ማዶ ሄደ።

ዘሊካ እስኪርቅ ድረስ በዓይኗ ሸኘችው። ወንጭፏን ጉልበቷ ላይ አስቀመጠች።

«ድገመው» አለችው።