ዶሚኖ ያለ ገንዘብ፣ በሞሌታ ብቻ

ቅዳሜ ከአስር ሰላት በኋላ ቀጥታ ስርጭቱ ሲጀመር ነገሩ ሁሉ እንዲህ ነበር። ከላ ሳካ የእንጨት ቤት ስር፣ ቤቱን ተሸክመው በቆሙት ምሰሶዎች መካከል፣ አንድ ዝቅ ያለ ጠረጴዛ አለ። በዙሪያው አራት ወንዶች ሳሮንግ የሚሉትን ሽርጣቸውን ሰብሰብ አድርገው ተቀምጠዋል። ጠረጴዛው ላይ ሃያ ስምንት የዶሚኖ ጠጠር፣ አንድ ሰሃን የተጠበሰ ሙዝ ከነድልሁ፣ አንድ ቆርቆሮ ሙሉ የልብስ ሞሌታ ተቀምጧል። ገንዘብ የለም፤ የተሸነፈው ጆሮው ላይ ሞሌታ ይሰካበታል። ስልኩ ከአንዱ ምሰሶ ጋር በላስቲክ ታስሮ ጠረጴዛውን ከላይ ወደ ታች ያያል፤ የአራቱም እጅ፣ የአራቱም ጆሮ ይታያል። የስርጭቱ ርዕስ "ዶሚኖ ያለ ገንዘብ፣ በሞሌታ ብቻ" ይላል። ተመልካች ሁለት፤ ከሁለቱም አንዱ የቴንሪ የራሷ ሁለተኛ ስልክ ነው።

ከርዕሱ በታች በትንንሽ ፊደል የተጻፈ አንድ ቃል ነበር። ቴንሪ እሱን አላነበበችውም።

ቴንሪ የላ ሳካ ብቸኛ ልጅ ናት። ሥራዋ ከመንደሩ ጀርባ ያሉትን የሽሪምፕ ኩሬዎች ውሃ መመርመር ነው፤ ጨዉን ትለካለች፣ ሙቀቱን ትለካለች፣ ቀለሙ ከትናንት ቢለይ ምክንያቱን ሳታገኝ ወደ ቤቷ አትመለስም። ስልኩን ያሰረችው፣ ርዕሱን የጻፈችው፣ ፀሐዩ የጠጠሮቹን ነጥብ እንዳያጠፋ አንሶላ የሰቀለችው እሷ ናት። ስርጭቱን የከፈተው ግን የአጎቷ ልጅ ባሶ ነው። ባሶ ቀን ቀን የሞተር ሳይክል ጎማ ይለጥፋል፤ ማታ ማታ የጦርነት ጨዋታ እየተጫወተ ለሰው የሚያሳይበት ገጽ አለው። ስለዚህ ይህን ነገር ከሁሉ እሱ ያውቃል ተባለ።

ላ ሳካ ሚስቱ ከሞተች ወዲህ አፉን የሚከፍተው ዶሚኖ ላይ ብቻ ነበር። ቤት ውስጥ ራት በላህ ወይ ሲሉት ራሱን ይነቀንቃል። በባሕሩ ዳር ባለው የመንደሩ ዳስ ግን ይሳደባል፣ ይስቃል፣ ይዋሻል። ኋላ ከሌላ ቦታ የመጡ ሰዎች እዚያው ዳስ ውስጥ በገንዘብ ተጫውተው ተፈነካከቱና ቁልፍ ያዡ ፑዋንግ አጂ በሩን በሰንሰለት ዘጉት። ፑዋንግ አጂ በቁማር ነገር ቀልድ አያውቁም፤ የወንድማቸው ልጅ በስልክ ሲቆምር የጀልባውን ሞተር ሳይቀር ሸጦ ጨርሷል። ዳሱ ከተዘጋ በኋላ ላ ሳካ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ መተኛት ለመደ። ዘወትር ከቤቱ ስር እንዳይጫወቱ፣ ባሕሩ በሞላ ቁጥር ውሃው ጠረጴዛው ድረስ ይገባል።

ፑዋንግ አጂ እግራቸው ተሰብሮ ማካሳር ከተማ ልጃቸው ቤት ተኝተዋል። ቴንሪ ደውላ ለመነቻቸው።

"እኔ መምጣት አልችልም፤ በስልክ አሳዩኝ" አሏት። "የቁማር ሽታ ካልሸተተኝ ቁልፉን ትወስዳላችሁ። ከሸተተኝ ግን ሰኞ ዳሱን ለዓሣ ነጋዴው መጋዘን እሰጠዋለሁ፤ ከዚያ ወዲያ ነገር የለም።"

የመጀመሪያውን ዙር ላ ሳካ ተሸነፈ። ጎረቤቱ ላ ፓዳ ከቆርቆሮው አንድ ሞሌታ መዝዞ ተነሳ።

"ጆሮህን ወዲህ በል!" አለ። "ይሄ ጆሮ መቼም ለመስማት አልተፈጠረም፤ የልብስ ማስጫ ገመድ ነው።"

"እንግዲያው ሳሮንግህን አውልቅና አስጣበት" አለ ላ ሳካ። "ከገዛኸው ወዲህ ውሃ አልነካውም።"

ሁለቱ ሌሎች ተጫዋቾች ሙዛቸው ትን እስኪላቸው ሳቁ። ቴንሪ ከምሰሶው ጀርባ ሆና አዳመጠች። አባቷ ይህን ያህል ረጅም ነገር ከተናገረ ወራት አልፏል።

ሁለተኛው ዙር ሳይጋመስ ባሶ ክርኗን ነካ አደረጋት። እንደ ታላቅ እህቱ "ካካ" ነው የሚላት።

"ካካ፣ እይማ! መቶ አለፈ! በሦስት ዓመት እኔ ገጽ ላይ ይህን ያህል ሰው ገብቶ አያውቅም። የአጎቴ የላ ሳካ ጆሮ ዝነኛ ሆነ እኮ!"

ቁጥሩ ሁለት መቶ ሆነ። ከዚያ ሁለት መቶ ስልሳ። ባሶ በእግሩ ጣቶች ቆሞ ይጨፍራል። ቴንሪ ግን አልሳቀችም። ኩሬ ውስጥ ጨው ያለ ምክንያት ሽቅብ ሲወጣ፣ የሆነ ቦታ ግድቡ ተበስቶ ባሕር እየገባ ነው ማለት ነው። አራት ሽማግሌ ከቤት ስር ዶሚኖ ሲጫወት ለማየት ሦስት መቶ ሰው አይመጣም። ሁለተኛ ስልኳን አንስታ ሰዉ የሚጽፈውን ማንበብ ጀመረች።

"መነሻው ስንት ነው?" ይላል አንዱ። ሌላው "ወኪላችሁ ማነው?" ይላል። ከስሩ "ዛሬ የማያስበላ ሊንክ፣ እዚህ ይጫኑ" የሚል ደጋግሞ ይመጣል። አንዱማ ጨንቆት "አንዱ ሞሌታ በስንት ይመነዘራል?" ብሎ ጠይቋል።

ያኔ ዓይኗን ወደ ላይ መለሰች። ከርዕሱ በታች ያለችው፣ የስርጭቱን ምድብ የምትናገረው ቃል "ካዚኖ" ትላለች፤ ቁማር ቤት።

"ባሶ" አለች ቀስ ብላ፣ "ይሄን ምድብ ማን መረጠው?"

"እኔ ነኛ። ዶሚኖ ብዬ ስጽፍ መጀመሪያ የመጣው እሱ ነው። ደግሞ ሰው የሚበዛውም እዚያ ነው። ሱቅ የሚከፈተው ገበያ መሃል ነው ካካ፤ መቃብር አጠገብ አይደለም።"

"ፑዋንግ አጂ ካዚኖ የሚል ሲያነቡ ምን የሚሉ ይመስልሃል?"

ባሶ አንገቱን አስግጎ ቃሉን አነበበው። ፊቱ እንደተጨመቀ ሎሚ ሆነ።

"አላሰብኩትም" አለ። "ወላሂ አላሰብኩትም። እኔ የማስበው ሁልጊዜ ቁጥሩን ነው።"

"እሺ፣ አሁን አብረን እናስብ።"

ሌላ ሰው ቢሆን በድንጋጤ የመጣለትን ነክቶ ይገላገል ነበር። ቴንሪ ግን አንዱን ስህተት በሌላ ስህተት መለወጥ አልፈለገችም። ዶሚኖ የሚል ቃል ያለበትን ሌላ ምድብ ከፍታ ውስጡን አየች፤ የስልክ ዶሚኖ ነው፣ ሰዉ የሚጫወተው ግን ሳንቲም እየገዛ እያስያዘ ነው። ይሄ ስሙን የቀየረ ያው ካዚኖ ነው። ዘጋችው። "የገበታ ጨዋታ" የሚለውን ከፈተች። ሁለት ሽማግሌዎች ቼዝ ላይ አቀርቅረዋል። አንዲት ሴት ሰሌዳ ዘርግታ የእንጨት ቤቶች ትደረድራለች። የሚጮህ የለም፣ ሊንክ የሚረጭ የለም። ተመልካቹም እፍኝ አይሞላም።

"ይሄ ነው" አለች።

"ጭር ያለ ነው" አለ ባሶ።

"እኛም አራት ሽማግሌ ነን።"

ወደ ምሰሶው ቀርባ በታሰረው ስልክ ላይ መርጣ ነካችው። ሁለተኛውን ስልክ አየች፤ ካዚኖ። ጠበቀች፤ አሁንም ካዚኖ። እንደገና መረጠች፤ ያው። ተመልካቹ ሦስት መቶ አስራ ሁለት ደረሰ። በዚህ መሃል በተመልካቾቹ ዝርዝር ውስጥ አንድ የምታውቀው ስም ብቅ አለ፦ ሃጂ ሙስታሪ፣ ማለት ፑዋንግ አጂ። ስሙ ጥቂት ቆየ፤ ከዚያ ጠፋ።

"ወጡ" አለ ባሶ። "ካካ፣ ዝጊውና እንደ አዲስ እንጀምር።"

"ዘግተን ሲመለሱ በሩን ዝግ ካገኙትስ? የደበቅነው ነገር ያለ ይመስላቸዋል። በቁማችን እናርመዋለን።"

ገጹን ከላይ እስከ ታች እንደ ውሃ ናሙና መረመረችው። ምድቡ ተመርጧል። ምልክቱ አለ። ታዲያ ምን ጎደለ? የጽሕፈት ፊደሎቹ የስልኩን ገጽ ግማሽ ሸፍነው እንደተከፈቱ መቅረታቸውን ያኔ አየች። በጣቷ ወደ ታች ሳበቻቸው። ከስራቸው "አስቀምጥ" የሚል ሰማያዊ ቁልፍ ተደብቆ ኖሯል። ነካችው።

በሁለተኛው ስልክ ላይ ቃሉ ተለወጠ፦ የገበታ ጨዋታ።

ተመልካቹ መፍሰስ ጀመረ። ሦስት መቶ፣ ሁለት መቶ አስር፣ መቶ ሰላሳ። ባሶ ቁጥሩ በወረደ ቁጥር የራሱ ደም የሚፈስ ይመስል ያቃስታል። ቴንሪ ግን ትከሻዋ እየቀለላት ሄደ፤ ግድቡ ተደፍኖ ኩሬው ወደ ልኩ ሲመለስ የሚሰማት ስሜት ነው። ሊንክ የሚረጨው ሰው አንድ ጊዜ ተሳድቦ ወጣ። የሞሌታውን ምንዛሬ የጠየቀውም ሄደ። ጽሑፉ ረጋ። ከማካሳር ይሁን ከሌላ ቦታ ያልታወቀ አንድ ሰው "አባቴንም ሲሸነፍ እንዲህ ነበር የሚያደርጉት" ብሎ ጻፈ።

የቀረ አንድ ነገር ነበር፤ ሁለተኛው ስልክ ጮኸ። ፑዋንግ አጂ ናቸው። ቴንሪ ወደ ደረጃው ሄዳ አነሳችው።

"አሰላሙ አለይኩም፣ ፑዋንግ።"

"ወአለይኩም ሰላም። ቅድም ስገባ ከስማችሁ በታች ካዚኖ የሚል አነበብኩ። መነጽሬን ጠርጌ ደግሜ አነበብኩ። ካዚኖ ነው።"

ቴንሪ ባሶን አየችው። ባሶ ዓይኑን ጨፍኗል።

"ነበር፣ ፑዋንግ። ምድቡን ስንመርጥ ተሳሳትን። ሰው የሚበዛበትን አይተን እንጂ ምን እንደሆነ አላየንም። ሳየው ቀየርኩት።"

"ሰዎቹስ?"

"ሄዱ። አስራ ዘጠኝ ቀርተዋል።"

"ከኔ ጋር?"

ቴንሪ ዝርዝሩን አየች። ስሙ ተመልሷል።

"ከርስዎ ጋር ሃያ።"

ወዲያ ማዶ ረጅም ትንፋሽ ተሰማ። "ዘግቼው ለነጋዴው ልደውል ነበር" አሉ ፑዋንግ አጂ። "ከዚያ፣ እስቲ ያንን ዝምተኛ አባትሽን አንዴ ልየው ብዬ ተመለስኩ። ቃሉ ተቀይሯል። ቁጥሩም ይወርዳል። ተኝቼ ሲወርድ አየሁት። ልጄ፣ ቁማር ቤት ደንበኛውን በገዛ እጁ አያባርርም። ቁልፉ መስጊድ ጠባቂው ዘንድ ነው፤ ውሰዱት። ግን ከእንግዲህ ጨዋታው ሳይጀመር ያንን ቃል አንዳችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡት።"

ቴንሪ አመሰገነቻቸው። ደረጃው ላይ ተቀመጠች።

"ሌላም ነገር አለ" አሉ። "ላ ፓዳ ድርብ ስድስቱን ጉልበቱ ስር ሸጉጧል። ከላይ ቁልጭ ብሎ ይታየኛል።"

ቴንሪ ሳቋ አመለጣት። ወደ ጠረጴዛው ተመልሳ ቆመች።

"ፑዋንግ አጂ ቁልፉን ሰጥተውናል" አለች። ሁለቱ ተጫዋቾች እጃቸውን ወደ ላይ አነሱ። ላ ሳካ ጠጠሩን በአየር ላይ እንደያዘ ቀረ። "ደግሞ፣ አጎቴ ላ ፓዳ፣ ጉልበትህን አንሳ ብለውሃል።"

"ምን አልሽ? ጉልበቴን ያመኛል!" አለ ላ ፓዳ።

"የሚያምህ ጠጠር ላይ ስለተቀመጥክ ነው!" ላ ሳካ ዘሎ ሳሮንጉን ገለጠው። ድርብ ስድስቱ አሸዋው ላይ ወደቀ። "አየህ ባሶ? አየሽ ልጄ? ሃያ ዓመት እንዲህ ሲበላኝ ኖሯል! እኔ እኮ ዕድሌ ጠፍቶ ይመስለኝ ነበር! ቆርቆሮውን አምጡልኝ!"

"ሃያ ዓመት አይሆንም" አለ ላ ፓዳ ጆሮውን በሁለት እጁ ሸፍኖ። "አስራ ስምንት ነው።"

ባሶ ቆርቆሮውን አቀበለ። ላ ሳካ አንዷን ሞሌታ በሰካ ቁጥር አንድ የድሮ ጨዋታ ያነሳል፤ የትኛው ቀን፣ ማን እንደነበረ፣ ላ ፓዳ እንዴት እንደተቀመጠ። የመግሪብ አዛን እስኪሰማ አላቆመም።

ስርጭቱ ሲዘጋ ከሦስት መቶ አስራ ሁለቱ ተመልካች ሃያው ነበሩ፤ ላ ሳካ ጆሮ ላይ አራት ሞሌታ፣ ላ ፓዳ ጆሮ ላይ አስራ አንድ።