ከሙሾው የተቆረጠው ስም

አንዱዓለም ቫዮሊንና ቼሎን ከሮክ ጊታርና ከድራም ጋር አስማምቶ የሚመራ የኦርኬስትራ መሪ ነው። አዲስ አበባ ላይ ስሙን ያስጠራው አንድ ሥራ ሲሆን፣ እሱም የእትዬ ሠርካለም ሙሾ ነው።

እትዬ ሠርካለም የዳባት ጎረቤቱ ናቸው፤ ልጃቸው ገዱ አብሮ አደጉ ነበር። ገዱ ታሞ የሞተ ጊዜ አንዱዓለም ለቀብር መጣ። በለቅሶው ድንኳን ውስጥ እናትየው ሙሾ ሲያወርዱ ጆሮው ከእንባው ቀደመ። ስልኩን ከጋቢው ሥር ከፍቶ ቀዳቸው። ማንንም አላስፈቀደም።

ከዚያ ወዲህ በየመድረኩ ቼሎው ይጀምራል፣ የእናትየው ድምፅ ከቅጂው ይሰማል፣ ጊታሩ ይጮኻል፣ ወጣቱ ይዘላል። አንዱዓለም ከአርባው በኋላ ደጃቸውን ረግጦ አያውቅም።

ዘንድሮ እሱና ኦርኬስትራው ደባርቅ ላይ እንዲጫወቱ ተጋበዙ። አውቶቡሱ ለቁርስ ዳባት ሲቆም፣ ዝም ብሎ ማለፍ አቃተው። እትዬ ሠርካለም ደጃፋቸው ላይ ገብስ ሲያበጥሩ ደረሰ።

«አንዱዬ ነህ? ግባ እንጂ ልጄ።»

«እትዬ፣ የበደልሁዎ ነገር አለ።»

«ሙሾውን ነው?» አሉ ሰፌዱን ሳያስቀምጡ። «ልጄ እሌኒ በስልኳ አሰምታኛለች።»

እግራቸው ላይ ወደቀ። «ያ ሁሉ ጩኸት...»

«ጩኸቱስ ደግ። እኔም ጮኼ ነው የቀበርሁት። ግን ሦስት ጊዜ አስደገምኋት፤ ገዱን አጣሁት። ገዱዬ የምልበት ላይ ስትደርስ ዘለኸው ታልፋለህ። ስሙን የት አደረስኸው?»

ስሙ የሚጠራበትን አራቱንም ቦታ ስቱዲዮ ተቀምጦ የቆረጠው ራሱ አንዱዓለም ነው።

«ከድራሙ ምት ጋር አልሄድ ብሎኝ ነው» አለ።

«ታዲያ ምቱ ይቁም ነበራ!»

ገብሳቸውን ማበጠር ቀጠሉ። እሱም ተነሥቶ ወደ አውቶቡሱ ሄደ።

ደባርቅ እንደደረሱ የመጀመሪያውን ቅጂ ከስልኩ አወጣ። «አራት ቦታ ላይ ሁላችሁም ዝም ትላላችሁ» አላቸው ተጫዋቾቹን። ከቀትር በኋላ አዳራሹ ጢም አለ። ወጣቱ ሊዘል ሲነሣ ምቱ ቆመ፤ «ገዱዬ!» የሚለው የእናት ድምፅ ብቻውን ወጣ። አንዳንዱ ሳቀ። ሁለተኛው ላይ የሳቀ አልነበረም። አራተኛው ላይ ሁሉም ተቀምጦ ነበር። ሲያበቃ ጥቂት ሰዎች አጨበጨቡ፣ ወዲያው ተዉት።

እሌኒ መጥታ ነበር። በር ላይ ጠበቀችው።

«ደውዬ ለእማዬ አሰማኋት።»

«ምን አሉ?»

«ምንም። ስልኩን ዘጋችው።»

በማግሥቱ ሲመለስ ዳባት ላይ ወረደ። እትዬ ሠርካለም አስገብተው ገበታ አቀረቡለት። ሙሾውን አላነሡም፤ ይቅርም አላሉትም። ገዱ በልጅነቱ ሽሮ እንዴት ይወድ እንደነበር እያወሩ አጎረሱት።