የመልአክ ዕጣ

ያን ሰሞን ህይወት መቀመጥ አቃታት። እትዬ ሀኪማ ሱቅ ተቀጥራ የስልክ ሽፋንና ሽቶ ስትሸጥ ትውላለች፤ ደንበኛ እያናገረች ዓይኗ በር ላይ ነው፣ ጣቷ ስልክ ላይ ነው፣ ልቧ የት እንዳለ ደግሞ እግዜር ይወቀው። ጊዜው ቡና ተለቅሞ የገጠሩ ሰው ኪሱ ሞላ የሚልበት ነው። ከዋጫም ከቢታ ገነትም የመጣው ሁሉ ከመኪና ሳይወርድ ሱቅ ይጠይቃል። አምና በቦንጋ ስሙ የማይታወቅ ዕቃ ዘንድሮ በየበሩ ተንጠልጥሏል። ህይወትም የሃያ አንድ ዓመት ልጅ ናት፣ ያየችው ሁሉ ያምራታል። እንዋሽ ካልተባለ በስተቀር፣ ማን የማያምረው አለ?

አሁን ግን እንዲህ ያቁነጠነጣት የመልአክ ዕጣ ነው። እሷ ያለችበት የካቶሊክ ወጣቶች ማኅበር የቆየ ልማድ አለው። ለገና አንድ ወር ሲቀረው ወጣቶቹ ስማቸውን በቁራጭ ወረቀት እየጻፉ ኮፍያ ውስጥ ይጥላሉ፤ ከዚያ እያንዳንዱ አንድ ወረቀት ያወጣል። የአንዲት ልጅ ስም የደረሰው ሰው ወሩን ሙሉ ድብቅ መልአኳ ይሆናል፦ በየቀኑ ይጸልይላታል፣ ሳይታወቅበት ደግ ነገር ያደርግላታል። ከገና በፊት ባለው እሁድ ሁሉም ይሰበሰብና መልአኩ ራሱን ይገልጣል፣ ትንሽ ስጦታ ይሰጣል፣ ቀጥሎም ምን ብሎ ሲጸልይ እንደከረመ ቆሞ ይናገራል። ከዚያ ቀን በፊት ከታወቀበት ግን ነገሩ ሁሉ ተበላሸ። ሕጉ ይኸው ነው።

«ትንሽ ስጦታ» የሚባለው እንኳ ድሮ ቀርቷል። ድሮ ሻማ ነበር፣ ወይም የማርያም ሥዕል። አሁን ሽቶ ነው፣ ሰዓት ነው፣ የጆሮ ማዳመጫ ነው። ሲከፈት ስልክ ሁሉ ይደገናል፣ የዚያኑ ቀን ቲክቶክ ላይ ይለቀቃል። አምና የህይወት መልአክ ቢሻው ነበር፤ ዝናብ ላይ አቁመው ቢረሱት የማይቀየም ዓይነት ልጅ። ካሜራው ሁሉ ዞሮባት ፖስታውን ብትከፍት አንዲት ወረቀት ወጣች፦ «ሠላሳ ቀን መቁጠሪያ ደግሜልሻለሁ።» በቃ! አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ቪዲዮው ሳምንቱን ሙሉ ከስልክ ስልክ ሲዞር ሰነበተ፣ ህይወትን እፍረት ገደላት። ያኔ ነው የማለችው፦ ዘንድሮ የእሷ ስጦታ ሲከፈት የሚስቅ ሰው አይኖርም።

ዘንድሮ ኮፍያው ውስጥ እጇን ከታ ያወጣችው የብርቅዬን ስም ነው። እሰይ አለች። ብርቅዬ ከደካ መጥታ አክስቷ ቤት መኖር ከጀመረች ወዲህ አብረው ተምረዋል፣ እንደ ካቶሊክ ወግ አድገው ሜሮን የተቀቡትም በአንድ ቀን ነው። አሥራ ሁለተኛን ሁለቱም ወደቁ። ህይወት ሱቅ ገባች፣ ብርቅዬ የአክስቷን ቤት እየጠረገች ቀረች። ዝምተኛ ናት፤ ነገር ሲከብዳት ወደ ህይወት ነው የምትመጣው። ህይወት ደግሞ አፏ ስለት ነው፤ አይሆንም ካለች አይሆንም ነው።

በዚያው ሳምንት እትዬ ሀኪማ ከጅማ ዕቃ አስመጡ። መሀል ላይ አንድ ሻንጣ ነበር፦ ሮዝ፣ ጠንካራ ሽፋን ያለው፣ አራት ጎማ ያለው፣ በአንድ ጣት ቢገፉት የሚሄድ። ህይወት ልቧ ቀጥ አለ። ቲክቶክ ላይ የምታያቸው ልጆች ኤርፖርት ውስጥ እየጎተቱ የሚሳሳቁት እሱን ነው! ሱቁ ጭር ሲል ከመደርደሪያ መደርደሪያ እየገፋች ስትመላለስ ዋለች። መጨረሻ ላይ በወር ደመወዟ ፋንታ ስጡኝ አለቻቸው፣ ለብርቅዬ።

«ልጅቷ መንገድ አላት እንዴ?» አሉ እትዬ ሀኪማ።

«ብርቅዬ? የት ትሄዳለች! ዕቃው ራሱ ያምራል እኮ፣ እትዬ።»

«ወላሂ፣ ለማይሄድ ሰው ሻንጣ ሲሰጥ ዛሬ አየሁ» ብለው ሳቁባት።

ጸሎቱስ አትሉም? ከነገ እጀምራለሁ ትል ነበር። ነገ ሲመጣ ደግሞ መጠቅለያ ወረቀት መምረጥ ነበረባት፣ ሪባን መፈለግ ነበረባት፣ ሲከፈት የሚገባውን ዘፈን ማዘጋጀት ነበረባት። ወሩ እንዲሁ ተበላ።

በዚያው ወር ብርቅዬ ሦስቴ ፈልጋታለች። መጀመሪያ የመጣችው ሱቅ ነው። ሻንጣው ፊት ለፊት ተገትሯል! ህይወት ዘላ ብርድ ልብስ ጣለችበትና «ሥራ ላይ ነኝ፣ ሂጂ ሂጂ፣ እትዬ ይቆጡኛል!» ብላ ከበር መለሰቻት። እትዬ ሀኪማ እዚያው ቆመዋል፤ አንድ ቀን እንኳ ተቆጥተዋት አያውቁም።

ሁለተኛ ጊዜ ደግሞ መልእክት ላከችላት። «ህዩ፣ ላማክርሽ የምፈልገው ነገር አለ። በጣም ጨንቆኛል።» ህይወት አንብባ ደነገጠች። ነቅታብኛለች አለች በሆዷ፤ መልአኳ እኔ መሆኔን ጠርጥራ ልታወጣጣኝ ነው። «ከበዓል በኋላ እናወራለን» ብላ ቀይ ልብ ጨምራ ላከችና ስልኳን ኪሷ ከተተች።

ሦስተኛው ከመዝሙር ልምምድ በኋላ ነው። ብርቅዬ የቤተክርስቲያኑ በር ላይ ጠብቃ ክንዷን ያዘቻት። «ህዩ፣ አምስት ደቂቃ ብቻ።» ዓይኗ ቀልቷል። ህይወት አይታለች፤ ማየቱንስ አይታለች። ግን አምስት ደቂቃ ከተቀመጠች ምስጢሩ ከአፏ እንደሚያመልጥ ታውቃለች። «ጉንፋን ይዞሻል፣ ሄደሽ ተኚ» አለቻትና እግሬ አውጪኝ ብላ ቁልቁለቱን ወረደች። ሕግ ነው፣ መታወቅ የለብኝም እያለች ራሷን አጽናናች። ሕጉን እንደዚያ አጥብቆ የጠበቀ መልአክ በቦንጋ ታይቶ አይታወቅም!

እሁድ ደረሰ። ከቅዳሴ በኋላ አዳራሹ ጢም አለ። አባ ኃይለመስቀል ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። ሽቶው ተከፈተ፣ ሰዓቱ ተከፈተ፣ ተጨበጨበ። የህይወት ተራ ሲደርስ ከመጋረጃው ኋላ ሻንጣውን በአንድ ጣቷ እየገፋች ብቅ አለች። «ኧረ በማርያም!» አለ አንዱ። ጩኸቱ፣ ፉጨቱ፣ የስልኩ ብዛት! ህይወት ደስታው ከመሬት አነሳት። የአምናው እፍረት ከላይዋ ላይ ወለቀ።

ብርቅዬ ግን አልሳቀችም። ሻንጣው ላይ እጇን አድርጋ አለቀሰች። ህይወት የደስታ ነው ብላ አቀፈቻት።

«አንድ ነገር ልናገር» አለች ብርቅዬ፤ ሰው ፊት ተናግራ የማታውቀው ልጅ። «ደላላ አረብ አገር ሥራ አግኝቶልኛል። አክስቴ ሂጂ ትላለች፣ እኔ ግን ፈራሁ። የሰፈራችን ልጅ ሄዳ ድምጿ ከጠፋ ሁለት ዓመት ሆናት። የማማክረው ሰው ብፈልግ አጣሁ። እግዚአብሔርን እንዲህ አልኩት፦ አንድ ሰው በየቀኑ ስሜን እየጠራ ይለምንሃል፤ መልስህን በእሱ በኩል ላክልኝ። ከመልአኬ እጅ የሚመጣውን እቀበላለሁ።» ሻንጣውን ዳሰሰችው። «ይኸው፣ ሂጂ አለኝ።»

አዳራሹ አጨበጨበ። አንዳንዶቹ እንባቸውን ጠረጉ። ደላላው ቁርጡን እስከ ስድስት ሰዓት ንገሪኝ ብሏት ኖሮ፣ ብርቅዬ እዚያው ስልኳን አውጥታ «እሺ፣ እሄዳለሁ» ብላ በድምፅ ቀድታ ላከችለት። ህይወት የብርቅዬን ጣት እያየች ነበር። ቆይ ማለት ነበረባት። አላለችም። ያ ሁሉ ስልክ ተደግኖባት፣ ያ ሁሉ ሰው እያጨበጨበላት፣ ያ ስለት የተባለው አፏ ተሳሰረ።

«ህይወት» አሉ አባ ኃይለመስቀል ፈገግ ብለው፣ «አንቺ ደግሞ ምን ብለሽ ስትጸልዪላት እንደከረምሽ ንገሪን።»

ውሸቷ ቀላል ነበረች። ጤናና ሰላም ለምኜልሻለሁ ማለት ነው፤ ሁሉም የሚላት ናት፣ ማንም አይመረምራትም። «ጤና…» ብላ ጀመረች። ብርቅዬ ዓይን ዓይኗን እያየች፣ ቀሪውን ቃል እየጠበቀች ነበር።

«አልጸለይኩልሽም» አለች።

አዳራሹ እንደ መሳቅ አለ፣ ቀልድ መስሎት።

«አንድ ቀን እንኳ አልጸለይኩልሽም። ሻንጣውን የወሰድኩት ስለሚያምር ነው። እኔ ስለተመኘሁት ነው። እግዚአብሔር በእኔ በኩል ምንም አላለሽም። የሸሸሁሽም እንዳታውቂብኝ ብዬ ነው። ብርቅዬ፣ አትሂጂ! ያን ቀን አማክረሽኝ ቢሆን አትሂጂ ነበር የምልሽ።»

ስልክ የደገኑት ልጆች ምን እንደሚያደርጉ ጠፋባቸው። አንዱ መቅረጹን ቀጠለና አባ «ተው አንተ!» ብለው ተቆጡት።

ብርቅዬ ቀስ ብላ «ታዲያ ማን ነበር?» አለች።

«ምኑ?»

«ሲጸልይልኝ የነበረው። ፍርሃቱ ሲመጣብኝ፣ ቢያንስ አንድ ሰው አሁን ስሜን እየጠራ ነው እያልኩ ነበር የምጽናናው። ወሩን ሙሉ።»

የህይወት እንባ ዝም ብሎ ወረደ። «አሁን ደውዪለት» አለች። «አልሄድም በይው፣ እኔ አክስትሽን አናግራለሁ።»

«ፓስፖርቴ እሱ ጋ ነው፣ ህዩ። አክስቴም የመንገዱን ዕቃ ገዝታልኛለች። የሚያስቀረኝ ሰው ስፈልግ ነበር የከረምኩት፤ አሁን ቃሌን ሰጠሁ።»

የሻንጣውን እጀታ ልትስበው ሞከረች፣ አላወቀችበትም። ህይወት ጎንበስ ብላ ቁልፉን ተጭና አወጣችላት። አወጣጡን ሱቅ ውስጥ ስትለማመደው ስለከረመች እጇ ለምዶታል።

ብርቅዬ እጀታውን ያዘች። አልተቆጣችም፤ ብትቆጣ ይሻል ነበር።

«ሐሙስ ነው የምሄደው» አለች። «አራት ቀን አለሽ። ጸልዪልኝ።»