ግዝት ያለበት ማንጎ

ፍኖተ ሰላም ውስጥ በሽተኛ ሊጠይቅ ባዶ እጁን የሚመጣ ሰው የለም። ይህን ወግ ማን እንደጀመረው አይታወቅም እንጂ እታለም ብታገኘው ኖሮ ጉሮሮውን ትይዘው ነበር። የመጣ ሁሉ ፌስታል አንጠልጥሎ ነው፤ ማንጎ፣ ብርቱካን፣ አቮካዶ። ከቡሬ በኩል የመጣ እንደሆነ ደግሞ ድንች በማዳበሪያ።

ባሏ ቄስ ስመኘው ኩላሊቱ ከደከመ ወዲህ በሳምንት ሁለት ጊዜ ባሕር ዳር እየሄደ ደሙን በማሽን ያሳጥባል። ሐኪሞቹ ገና ከመጀመሪያው ነግረዋታል። ፍራፍሬና ድንች ውስጥ ፖታስየም የሚባል ነገር አለ፤ ጤነኛ ሰው በሽንቱ ያስወጣዋል፤ ኩላሊቱ የደከመ ሰው ግን ደሙ ውስጥ ይጠራቀምበትና የልቡን ምት ያዘገይበታል፤ ሲብስም ያቆመዋል። እታለም ይህን ከሰማች በኋላ ደጇ ላይ ዘብ ቆመች።

«እግዜር ይስጥልኝ፤ እሱ ይህን አይበላም፤ ይዛችሁት ሂዱ» ትላለች። ማን ይሰማታል?

«ኧረ አንድ እንኳ ይቅመስ። ሑዳዴ ነው፣ ምን በልቶ ይዋል ሰውዬው?»

«አይቀምስም ብያለሁ።»

«ለበሽተኛ የመጣ አይመለስም እኮ፣ እታለም። ነውር ነው።»

ትመልሳለች። ፌስታሉን ከነማንጎው መልሳ እጃቸው ላይ ታንጠለጥለዋለች። ሰፈሩም ቂም ያዘና የማንጎ ዘበኛ የሚል ስም አወጣላት። ዘበኛም በሉኝ ጅብ፣ ባሌ ይኑርልኝ እንጂ ስማችሁን ጠቅልላችሁ ጉረሱት አለች በሆዷ። ሆዷ ውስጥ ያለው ግን ፊቷ ላይ ይነበብ ነበርና ጠያቂው እየቀነሰ ሄደ። አማቷ እማማ ወለተ ጊዮርጊስ፣ ልጃቸውን ሊያስታምሙ ከቡሬ ገጠር የመጡት፣ ይህን ሁሉ ጥግ ይዘው ያያሉ። ነጠላቸውን ከማስተካከል በቀር አንድ ቃል አይወጣቸውም።

በዚህ መሃል መንገድ ተዘጋና ቄስ ስመኘው አንድ እጥበት አለፈው። በማግስቱ ጠዋት ከመደቡ ሊነሳ ሲል ጉልበቱ ከዳውና ወደቀ። ከንፈሩ አመድ መስሏል። እታለም በባጃጅ አሳፍራ ሆስፒታል አደረሰችው፤ አማቷም ምርኩዛቸውን ይዘው ከኋላ ተጫኑ።

ተረኛው ሐኪም ዶክተር ምናለ የልብ ምት የሚያነበውን መሣሪያ ደረቱ ላይ ለጥፎ ወረቀቱን ሲያይ ግንባሩ ተኮማተረ። ጤነኛ ልብ ሁለቴ በሚመታበት የቄሱ አንዴ ይመታል፤ እሱንም አንዳንዴ ይዘለዋል። ወዲያው ካልሲየም በደም ሥሩ ሰጠውና እታለምን ወደ ኮሪደሩ ጠራት።

«እህቴ፣ ምን በልቷል?»

«ምንም።»

«ማንጎ፣ ድንች፣ ብርቱካን?»

«ዶክተር፣ የማበላው እኔ ነኝ። በዚህ ነገር ከሰፈር ሰው ተጣልቻለሁ። ምንም አልበላም ብዬሃለሁ፤ ቃሌ አይበቃህም?»

ሐኪሙ ወረቀቱን ደግሞ አየ። «መብራት ስለጠፋ ላቦራቶሪ ፖታስየሙን አይለካልኝም» አለ። «አንድ እጥበት ስላለፈው ብቻ እንዲህ መሆኑ ይገርመኛል። እውነት ምንም ካልበላ የልቡ የራሱ በሽታ ሊሆን ይችላል፤ ኩላሊት የታመመ ሰው ላይ ይህም ይመጣል። ያ ከሆነ ልብ የሚያስመታ መሣሪያ ደረቱ ውስጥ ሊገባለት ይገባል፤ አዲስ አበባ ነው። ፖታስየም ከሆነ ግን ባሕር ዳር፣ ወደ እጥበቱ። የሰጠሁት መድኃኒት የሚያቆየው ለትንሽ ጊዜ ነው። የተዘጋው መንገድ ዛሬ ተከፍቷል፤ ግን ያለን አንድ አምቡላንስ ነው፤ ለአዲስ አበባ በደብረ ማርቆስ፣ ለባሕር ዳር በቡሬ። ከተሳሳትን መንገድ ላይ ይሞትብናል።»

«እንግዲያው አዲስ አበባ» አለች እታለም። ቅንጣት አላመነታችም።

ይኼኔ ቀሚሷን ከኋላ ያዝ የሚያደርግ እጅ ተሰማት። አማቷ ናቸው።

«አዲስ አበባ አትውሰጂው፣ ልጄ።»

«ለምን?»

«አትውሰጂው ብቻ።»

«እኮ ለምን?»

«ልናገር አልችልም። ግዝት አለብኝ።»

እታለም መጀመሪያ የሰማችውን አላመነችም። «ማን ነው የገዘተዎት?» አሮጊቷ ወደ ታማሚው ክፍል ዓይናቸውን ጣል አደረጉ። «በመስቀሉ» አሉ።

ደሟ ፈላ። ልጅ ሆኖ እናቱን፣ ቄስ ሆኖ ምእመኑን፣ በዚያ በሚሳለሙት መስቀል። «እማዬ፣ ልጅዎ እየሞተ ነው እኮ። ምን አብልተውት ነው?»

«ብናገር ግዝቱ እሱኑ ይገድልብኛል። ልጄም ቢሆን ቄስ ነው። እሱ ያሰረውን እሱ ካልፈታው እኔ አፌን አልከፍትም።» እንባቸው በጉንጫቸው ይወርዳል፤ አፋቸው ግን ግጥም እንዳለ ነው።

ሐኪሙ ጣልቃ ገባ። «እማማ፣ ምግብ ነው ወይስ ክኒን? የሌላ ሰው የደም ግፊት ክኒን ወስዶ ከሆነም ልብ ያዘገያል። ሳላውቅ መላክ አልችልም።» አሮጊቷ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ የእሺ ይሁን የእምቢ አይታወቅም።

እታለም ከዚያ በኋላ ማንንም አልለመነችም። በሩን በርግዳ ገባች። ባሏን ሰው ፊት አንቱ ነበር የምትለው፤ ያን ቀን አንተ አለችው።

«ስማ። እናትህን ፍታ።»

ቄስ ስመኘው ዓይኑን ገለጠ። ሐኪሙን አየ፤ ነርሷን አየ፤ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። አፍሮ ነው እኮ። ሰው ነፍሱ እየወጣች ያፍራል? ይህን ስታይ የቀራት ትዕግሥት ሁሉ በነነ።

«በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት የለውም እያልክ አይደለም አገሩን ንስሐ ስታስገባ የኖርከው? ለራስህ ሲሆን ግዝት? ዙር ወደዚህ። ካልፈታሃት ብትሞት ተዝካርህን አላወጣም። ንፍሮ አላፈላልህም። ሰፈርተኛውን የቄስ ስመኘውን ነገር ግዝቱን ጠይቁት እላለሁ።»

ልቡ አንዴ መታ፤ ቆየና ደገመ። እታለም ጎንበስ ብላ በጆሮው፣ አሁን በሹክሹክታ፣ «ፍታት አልኩህ» አለችው። «ባክህ።»

ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። «እግዚአብሔር ይፍታሽ፣ እናቴ።»

አሮጊቷ በር ላይ እንደቆሙ ሁሉንም አፈሰሱት። «ማንጎ ነው። አንቺ የመለስሽውን ሰዎቹ በጓሮ ይሰጡኛል። አንቺ ገበያ ስትወጪ አበላዋለሁ። እናቴ አፌ ምሬት ምሬት አለኝ ሲለኝ አንጀቴ አልቻለም። መንገዱ ከተዘጋ ወዲህ ሌላ እህል እምቢ ብሎኝ እሱኑ ነው የበላው፤ ትናንትም እስኪጠግብ። ክኒን የለም፤ በልጄ ሞት ክኒን የለም።»

«ባሕር ዳር» አለ ዶክተር ምናለ፤ ወደ ሾፌሩም ሮጠ።

አምቡላንሱ ቡሬን ሲያልፍ እታለም የባሏን አንጓ እንደያዘች ነበር። ከጣቷ ሥር ምቱ ይመጣል፤ ይጠፋል፤ ሲጠፋ እሷም ትንፋሿን ትይዛለች። ቁጣዋ ግን አልበረደም። በማንጎው ተቆጣች፣ በጓሮ በሩ ተቆጣች፣ መንገዱን በዘጋው ሁሉ ተቆጣች። መጨረሻ ላይ ወደ አማቷ ዞረች።

«እኔን የሚያህል ሰው ቤት ውስጥ እያለ እንዴት ትደብቁኛላችሁ? እኔ ለማን ብዬ ነው የተዋረድኩት?»

«እኔማ ልነግርሽ ነበር» አሉ እማማ ወለተ ጊዮርጊስ፣ ቀና ብለው ሳያዩዋት። «እሱ ነው፣ እታለም ከምትቆጣብኝ በግዝት ልሰርሽ ያለኝ። እኔ የፈራሁት ግዝቱን ነው፣ ልጄ። እሱ የፈራው አንቺን ነው።»

እታለም ወደ ባሏ ዞረች። ዱርቤቴን አለፉ፣ መራዊን አለፉ። አንጓውን ብቻ አጥብቃ ያዘች።

ባሕር ዳር ደርሰው ከማሽኑ ጋር አገናኙት። ደሙ በቱቦው እየወጣ እየታጠበ ሲመለስ ምቱም ቀስ በቀስ ተጠጋጋ። ሐኪሞቹ ተረፈ ሲሏት ግድግዳውን ተደግፋ አለቀሰች፤ ከዚያ ፊቷን ጠርጋ አልጋው አጠገብ ወንበር ስባ ተቀመጠች። ቄስ ስመኘው ነቅቶ ያያታል። ስድቡን እየጠበቀ እንደሆነ ከዓይኑ ያስታውቃል።

«ሌላስ?» አለችው።

«ሌላ ምን?»

«ሌላ የበላኸው። ንገረኝ፤ አልቆጣም።» ጥርሷን ነክሳ ነበር ይህን ስትል፤ እሱም አየው። ወደ ግድግዳው ግን አልዞረም።

«ሙዝም አለ» አላት። «ሰንበቴ ላይ።»

ደሟ ከእግሯ እስከ ራሷ ተነሳ። የአልጋውን ብረት በሁለት እጇ ጨበጠች፤ ጨብጣም ቆየች።

«ስንት?» አለችው፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

እሱም ነገራት።